አምስት ቀን ያላት ወር

ባሏ ለሚጽፈው ልቦለድ ዓለም ፈጥሮ፣ የዘመን አቆጣጠሩን በከሰል ግድግዳው ላይ ጽፎ ሲያሳያት፣ ዓይኗ የመጨረሻዋ ወር ላይ ቀረ። «አልጣሽ» ትባላለች። አልጣሽ ከእሷ በፊት ባሏ አጭቷት የነበረችው የወገዳ አገር ልጅ ናት።

«ስም ጠፍቶብኝ ነው» አላት። «ደግሞ እንደ ጳጉሜ አምስት ቀን ብቻ ናት። አንቺ ይኸውና፣ በስምሽ የተጠራ ሠላሳ ቀን ሙሉ ወር አለሽ።»

ስሙን ልታጠፋ እጇን ሰደደችና መልሳ ሰበሰበችው። በጳጉሜ፣ የሩፋኤል ዕለት፣ ትልቅ ትንሹ በዝናቡ ሊጠመቅ ደጅ ወጥቶ ሰማይ ሰማይ ያያል። ሠላሳ ቀን ያለውን ወር እንዲህ ደጅ ወጥቶ የሚጠብቀው የለም።

«በዚች ወር ዝናብ አለ?» ስትል ጠየቀችው።

ከሰሉን በጣቶቹ መሃል ሲያሽከረክር ቆየ።

«አለ» አላት፣ ሳያያት።