ከምሰሶው ጀርባ

ይርዳው የስታዲየሙን ኳስ በራዲዮ ሲያስተላልፍ በኖረባቸው ሠላሳ አንድ ዓመታት፣ በስተቀኝ ያለውን ጎል አንድም ቀን አይቶት አያውቅም። ከማስተላለፊያዋ ክፍል መስኮት ፊት ለፊት የቆመ ወፍራም የሲሚንቶ ምሰሶ ጋርዶበታል። ለአለቆቹ ሲያመለክት «ይታሰብበታል» አሉት። እስኪታሰብበት ድረስ የሕዝቡን ጩኸት እያዳመጠ፣ ኳሷ በየት በኩል እንደገባች፣ በረኛው እንዴት እንደተወረወረ ከራሱ እያወጣ ያወራ ጀመር። ሕዝቡም ወደደለት። ስታዲየም የገባው ተመልካች ሳይቀር ትንሽ ራዲዮ ጆሮው ላይ ለጥፎ ይሰማው ነበር፤ ዓይኑ ያየውና ጆሮው የሰማው ሲለያዩበት የሚያምነው ጆሮውን ነው።

ጡረታ በወጣ በሳምንቱ ትኬት ቆርጦ ገባና ከቀኙ ጎል ጀርባ ተቀመጠ። ጎሉ ከሚያስበው ያነሰ ሆነበት። ጨዋታው ሲጀመር አፉ አላርፍ አለው፤ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ያየውን ሁሉ አንዲት ቃል ሳይጨምር ያስተላልፍ ጀመር።

አጠገቡ ራዲዮ ይዞ የተቀመጠው ሰውዬ ጥቂት ከታገሠ በኋላ ዞር አለ።

«ፋዘር፣ ጋሽ ይርዳውን ለመምሰል ነው አይደል?»

«እመስላለሁ እንዴ?» አለ ይርዳው።

«ድምፅዎ እንኳ ትንሽ ይጠጋዋል» አለ ሰውዬው፣ ራዲዮኑን ወደ ጆሮው እየመለሰ። «ግን ይቅርብዎት። እሱ እኮ በዓይኑ ያየውን ነበር የሚያወራው።»