አሥራ ሦስተኛው ደቂቃ

መክሊት ቢቸና የተመደበች ነርስ ናት። እሁድ ከሰዓት በተከራየቻት አንድ ክፍል ቤት በሯን ቀርቅራ ላፕቶፗ ላይ የመኪና ውድድር ጌም ትጫወት ነበር። ሞጣ ባለው ታናሽ ወንድሟ ላይ ጉራዋን ልትነዛ ብላ፣ የስክሪኑን ምስል በሚቀዳው የኮምፒውተሩ ፕሮግራም ጨዋታውን ከነድምጿ ቀረጸችው። አሥራ ሁለት ደቂቃ ሲሞላ አንደኛ ወጣችና ቀረጻውን አቆመች።

ከመላኳ በፊት ልታየው ስትከፍተው ቪዲዮው አሥራ ሦስት ደቂቃ ሆኗል። በመጨረሻው ደቂቃ ምስሉ ጠፍቶ ድምፅ ብቻ ቀረ። በር ተንኳኳ።

"መክሊት፣ አለሽ ልጄ?" የአከራይዋ የእትዬ ደብሬ ድምፅ ነው።

"አለሁ እትዬ፤ በሩ አልከፈት ብሎኝ ነው።" ይሄ ደግሞ የራሷ ድምፅ ነው። እንዲህ ብላ ግን አታውቅም።

"ወይ ይቺ ልጅ፣ ዛሬም ሳትነግረኝ ወጣች" አሉ እትዬ ደብሬ። ኮቴያቸው ራቀ።

መክሊት ላፕቶፑን ከድና ተነሳች። መቀርቀሪያውን ብትስበው አልነቃነቅ አላት።

በሩ ተንኳኳ።

"መክሊት፣ አለሽ ልጄ?"

ምን ማለት እንደሌለባት ታውቃለች። አንድ ቃል ሳትመልስ በሩን በሁለት እጇ ትደበድበው ጀመር። መዳፏ እስኪላጥ ደበደበችው።

"ወይ ይቺ ልጅ" አሉ እትዬ ደብሬ ከውጭ፣ ረጋ ብለው።