ለባሹ ነፋስ

ሁለቱ ጨረቃዎች ተቃቅፈው በሚወጡበት ሰሞን፣ ለባሹ ነፋስ ከተራራው ወደ ጎርባ ይወርዳል። ያን ቀን አገሬው የናፈቀውን ሰው ልብስ ገመድ ላይ ያሰጣል። ሰውየው ሞቶ ከሆነ ነፋሱ ልብሱን ሞልቶ ቁጭ እሱን ያስመስለዋል፤ በሕይወት ያለ ሰው ልብስ ግን ንቅንቅ አይልም።

አንዲት እናት ነበረች፤ ዘምቶ የቀረው ልጇ ሸሚዝ በየዓመቱ ዝም ብሎ ይንጠለጠላል። "አላልኩሽም? አለ ልጃችን!" ይላት ነበር ባሏ። አጥቦ የሚያሰጣውም እሱ ራሱ ነበር፤ ማንንም አያስነካም።

ዘንድሮ እሱንም ቀበረችው። አጥፎ ካስቀመጠበት ሳጥን የልጇን ሸሚዝ አውጥታ ከሟቹ ካፖርት ጎን አሰጣችው።

ነፋሱ መጣ። ካፖርቱ ደረቱን ነፋ፤ ክንዱንም ዘርግቶ የሸሚዙን እጅጌ ነካ ነካ አደረገ።

"ምነው አንተ ሰውዬ? ምን ልትለኝ ነው?" አለችና እጅጌውን ዳበሰችው። ይከብዳል፤ የታች ጠርዙም እንደዚያው። ስፌቱን በጥርሷ በጠስ በጠስ ብታደርገው ጠጠር እግሯ ላይ ተዘረገፈ።

ሸሚዙ ቀስ እያለ ትከሻ አወጣ፤ ከዚያም እጅጌዎቹን አንስቶ አንገቷ ላይ ተጠመጠመ።