የዘጠኝ ዓመቱ አልገባ አለ

አንዲት ሴት ደሴ ባለችው የሞባይል መጠገኛ ሱቄ ገብታ አንድ የእጅ ጌም ማጫወቻ ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠች።

«ለሰባት ዓመት ልጅ የሚሆን ጌም ጫንልኝ» አለችኝ። «ለስምንት ዓመትም፣ ለዘጠኝ ዓመትም።»

ማጫወቻው ክራክ የተደረገ ስለሆነ የፈለጉትን ጌም ይቀበላል፤ የውስጥ ሚሞሪው ግን ትንሽ ነው።

«እህቴ፣ የሚሞሪ ካርድ ግዢና እንደልብሽ ልሙላልሽ።»

«ካርድ ይጠፋል። ከጠፋ የሚተካ የለም። ውስጡ ላይ ይሁን።»

ግትር ደንበኛ አልወድም። እየተነጫነጭኩ ጀመርኩ። የሰባቱ ገባ፣ የስምንቱም ገባ፤ የዘጠኙ ግማሽ ላይ ሲደርስ ሚሞሪው ሞላ።

«እንደምንም አብቃቃው፣ ወንድሜ» አለች ጥፍሯን እየበላች። «የዘጠኙ እንዳይቀር።»

«ከየት ላምጣልሽ? ትልቁ ልጅሽ የታናናሾቹን ይጫወታ! ደግሞስ ለሦስት ልጅ አንድ ማጫወቻ ሰጥተሽ ሲደባደቡ ልትውዪ ነው?»

እጇን ከአፏ አወረደች።

«ልጄማ አንድ ነው፤ ገና ሰባት ዓመቱ ነው» አለችኝ። «ለኩዌት የፈረምኩት ውል ነው ሦስት ዓመት።»