የአራስ ቅቤ

ሁለቱ ጎረቤት አገሮች በነፃ ለመነገድ መስማማታቸው በሬዲዮ ሲነገር፣ በመንደሩ እልል ያለችው አንዲት እናት ብቻ ነበረች። አንድ ልጇ ብርቄ ከድንበሩ ማዶ አግብታ፣ አሁን የመውለጃ ወሯ ገብቷል። «በቃ፣ መንገዱ ተከፈተ» ብላ ቅቤ አነጠረች፣ የገንፎ ዱቄት አስፈጨች። የቅቤውን ጣሳ አፍ በላስቲክ ሸፍና በሲባጎ ሦስት ጊዜ ቋጠረችውና ስንቋን ተሸክማ ኬላው ድረስ ሄደች።

ጠባቂው ጣሳውን አየና፣ «ቅቤው ይለፍ፤ ቀረጥ ቀርቷል» አላት። «እርስዎ ግን ፓስፖርት ያስፈልግዎታል፣ እማማ።»

«ገንፎውን ታዲያ ማን ሊያገነፋላት ነው፣ ልጄ?»

«ስምምነቱ ለዕቃ ነው። ሰው አይልም።»

ለመነችው፤ ጉልበቱን ልትስም ጎንበስ አለች። እሱ ደግፎ አነሳትና፣ «እኔ ምን ላድርግ? የታዘዝኩትን ነው» አለ። ስንቁን ሽንኩርት ለሚያመላልስ የሰፈሯ ሾፌር ሰጥታ፣ ወሬ እስኪመጣ ከኬላው ገመድ ሥር ተቀመጠች።

በአራተኛው ቀን ሾፌሩ መኪናውን ከማዶ አቁሞ በእግሩ መጣ። በአንድ እጁ ጣሳውን አንጠልጥሏል፤ ሦስቱም ቋጠሮዎች እሷ እንዳሰረቻቸው ናቸው። በሌላው ክንዱ በጋቢ የተጠቀለለ ነገር አቅፏል። ገመዱ ጋ ሲደርስ ከጋቢው ውስጥ ጨቅላ አለቀሰ።

«እማማ» አለ ሾፌሩ፣ «ብርቄ ከምጥ አልተረፈችም። ‹ለእማዬ ስጡልኝ› ብላ ነው።»

እሷ በገመዱ ላይ ሁለት እጆቿን ዘረጋች።

ጠባቂው ጋቢውን አየ። ጣሳውን አየ።

«ቅቤው ይለፍ» አለ።