ጊዜ ማርጊያው የጠፋበት ዱዓ

ደሴ ውስጥ በየቤቱ፣ የቤቱን ጊዜ ከውጭው እኩል የሚያስኬድ ጊዜ ማርጊያ የሚባል መሣሪያ ነበር። እሱ ከጠፋ ቤት ውስጥ ያለው ጊዜ ይዘገያል፣ የውጭው ይነጉዳል። አንዲት እናት ያገባች ልጇ ባሏ ጋ አረብ አገር እንዳትሄድባት ብላ፣ ልትመርቃት ስትቀመጥ ማርጊያውን በእግሯ አጠፋችው። አውሮፕላኑ ከኮምቦልቻ እስኪነሳ ብቻ ነበር ሐሳቧ።

«ያ ረቢ፣ መንገዷን አሳምርላት።»

«አሚን። እማ፣ በቃሽ! ሕፃኗን ልጄን ጎረቤት ሰዒዳ ጋ ጥያታለሁ፣ ታለቅሳለች።»

«ዱዓ ተቋርጦ ይኬዳል እንዴ?»

ልጅቱ ሳቀችና መዳፏን መልሳ ዘረጋች። እናትየዋ አልዋሸችም፤ ዱዓዋን ብቻ አስረዘመችው።

ማርጊያውን መልሳ ስታበራው በሩ ተንኳኳ። አንዲት ኮረዳ ቆማለች።

«አሰላሙ ዓለይኩም። ሰዒዳ ናት ያሳደገችኝ። ይሄ በር እስኪከፈት ስጠብቅ ነው የኖርኩት።»

«ምነው እግሬን በቆረጠው!» አለች እናትየዋ።

ኮረዳዋ ሁለቱን ሴቶች ተራ በተራ አየቻቸው።

«እናቴ የትኛችሁ ናችሁ?»