የፋራህ አስተማሪ

ዳሃቦ ሸሕ ተጫውታ አታውቅም። ሸሕ የወንዶች ጨዋታ ነው። መሬት ላይ ሦስት ካሬ አንዱ በአንዱ ውስጥ ይሠመራል፤ ሁለት ሰዎች አሥራ ሁለት አሥራ ሁለት ጠጠር ይዘው ይቀመጣሉ፤ ሦስት ጠጠር በአንድ መስመር የገጠመለት ከባላጋራው አንድ ይበላል። ይኸው ነው። ለዚህች ነገር ግን የሰፈሩ ወንዶች ጁምዓ ከሶላት መልስ ደቻቱ ወንዝ ዳር ካለችው የኒም ዛፍ ሥር ከተቀመጡ እስኪመሽ አይነሡም።

ከሁሉም የሚፈራው የዳሃቦ ባል ሰማታር ነበር። ባቡር ጥገና ውስጥ ብረት ሲቀጠቅጥ የሚውል ዝምተኛ ሰው ነው። ጠጠር ከያዘ ግን ማንንም አይምርም።

በ1973 ሚያዝያ ላይ የአባቱ ወንድም አብዲቃድር ሽማግሌ አስከትሎ መጣ።

"አሥራ አንድ ዓመት ጠበቅን" አለ፣ ዳሃቦ ያለችበትን ጓዳ ሳያይ። "ልጅ የለም። የፋራህ ልጅ ፋርቱን አለችልህ። ሁለተኛ አድርገህ አግባ።"

የአባትን ወንድም፣ አዴርን፣ እምቢ ማለት አይታሰብም። ሰማታር ጢሙን ሲዳብስ ቆየና፣ "እሺ አዴር" አለ። "ግን መጀመሪያ ፋራህን በሸሕ ላሸንፈው። ያለዚያ በልመና አገባ ይሉኛል።"

ሽማግሌዎቹ ሣቁ። ትምባሆ ሻጩ ፋራህ በሸሕ የሰፈሩ መሳቂያ ነው። ስለዚህ እስከ ረመዳን ድረስ በየጁምዓው እንዲጫወቱ፣ እስከዚያ ፋራህ ካልተሸነፈ ግን ነገሩ እንዲቀር ተስማሙ። አብዲቃድርማ በመጀመሪያው ሳምንት ያልቃል ብሎ የሠርጉን ሙክት አሰረ።

ዳሃቦ ከመጋረጃው ኋላ ሆና ሁሉንም ሰማች። ባሏ እምቢ ይላል ብላ ስትጠብቅ፣ እሱ ጭራሽ እንደ ጎረምሳ ለሌላ ሴት ልጫወት አለ።

የባሰው ደግሞ ኋላ መጣ። ሰማታር ጢሙን ሂና ተቀባ። አዲስ ሽርጥ ገዛ። ሮብ ሮብ ከሥራ ሲመለስ በረንዳው ላይ ካሬውን እየሠመረ ብቻውን መለማመድ ጀመረ። መለማመዱስ ደግ፣ እያንዳንዷን ጠጠር ሲያነሣ ጮክ ብሎ ያስረዳል።

"ማዕዘን ለመያዝ አይቸኮልም። ማዕዘን መውጫው ሁለት ብቻ ነው። መሃል መሃሉን ነው መያዝ።"

"ማንን ነው የምታስተምረው?" አለችው ዳሃቦ።

"ራሴን ነዋ። አንቺ አይገባሽም አቦ።"

ገባት እንጂ። ሐሙስ ከሰዓት ደብተሯን አንሥታ "መሠረተ ትምህርት ሄድኩ" አለችና በቀጥታ ፋራህ ቤት ገባች። ቀበሌው ያልተማረ ሁሉ ይማር ብሎ ስላዘዘ፣ ደብተር የያዘች ሴት የት ትሄጃለሽ አትባልም።

"አዴር ፋራህ" አለችው በአክብሮት፣ "ልጅህን ጣውንት ላይ መዳር ትፈልጋለህ?"

"አልፈልግም። የሽማግሌ ፊት ግን እንዴት ይመለሳል?"

"በሸሕ ይመለሳል።"

ፋራህ ከሴት መማሩ ከበደው። "ይሄ ቢሰማ ትምባሆዬን ማን ይገዛኛል?" አለ። እንዲህ ይበል እንጂ ወዲያው ተቀመጠ።

ዳሃቦ የሮቡን ትምህርት አንድም ሳታስቀር አወረደችለት። "ይህ ኢርማን ይባላል፤ የምትታለብ ግመል እንደማለት ነው። አንዲት ጠጠር ወዲያና ወዲህ ባለች ቁጥር ሦስት ትገጥማለች፣ በገጠመች ቁጥር ትበላለች። ሰማታር ይህን ከሠራብህ አለቀልህ። የምትመላለስበትን በሯን ዝጋ።"

በጁምዓው ፋራህ አሸነፈ። ሰፈሩ አፉን ያዘ። በሁለተኛውም፣ በሦስተኛውም አሸነፈ። ሰማታር እየተነጫነጨ ይገባል።

"አንድ ሰው ያስተምረዋል። ይሄ ልብስ ሰፊው ዑመር መሆን አለበት።"

"አላህ ይይለት" አለች ዳሃቦ፤ ዑመርንም አብራው ረገመች።

"አንቺስ፣ በትምህርቱ የት ደረስሽ?"

"ሀ ሁ።"

"ባለፈው ሳምንትም ሀ ሁ ነበር።"

"ከባድ ነው።"

"አይዞሽ" አላት።

በዘጠነኛው ሳምንት ፋራህን ወባ ጣለው። ሐሙስ ዳሃቦ ስትደርስ ብርድ ልብስ ውስጥ ይንቀጠቀጣል፤ የራሱን ጠጠር ከባላጋራው መለየት ተስኖታል። መቅረት ደግሞ እንደ መሸነፍ ነው። ስለዚህ ጁምዓ ዕለት ተደግፎ ሄደ። ዳሃቦም ከዛፏ ፊት ለፊት፣ በቀበሌው ሱቅ በር ላይ የስኳር ወረፋ የያዘች መስላ ቆመች።

ጨዋታው ሲጋመስ ፋራህ በትኩሳቱ ተደናገረና፣ ዝጋ የተባለውን በር ራሱ ከፈተው። የከበበው ሰው ሁሉ አየ። አብዲቃድር ትንፋሹን ዋጠ። አንዲት ጠጠር፣ አንዲት እርምጃ፣ ከዚያ ኢርማን ነው። ዳሃቦ በሰዎቹ ትከሻ መሃል ለማየት ከወረፋው አንድ እርምጃ ወጣች። ቤቷ፣ ባሏ፣ አሥራ አንድ ዓመቷ በዚያች ጠጠር ላይ ነበር።

ሰማታር ካሬውን ለረጅም ጊዜ አየው። ጢሙን ዳበሰ። ከዚያ ሌላ ጠጠር አነሣ።

"አላየህም እንዴ ሰውዬ?" አለ ዑመር። አብዲቃድር ኮፍያውን አውልቆ መሬት ላይ ወረወረው። ፋራህ በትኩሳቱ መሃል አሸነፈ።

"አልሐምዱሊላህ፣ ዓይኑን ጋረድክልኝ" አለች ዳሃቦ በልቧ። ቀድማው ቤት ደርሳ ራት አቀረበች፤ ሲገባም ያዘነች ለመምሰል ሞከረች።

"ዛሬም?"

"ዛሬም።"

እጁን ታጥቦ ተቀመጠ። ጥቂት በላ።

"ዳሃቦ" አለ፣ ቀና ሳይል፣ "ሐሙስን ሳትጠብቂ ነገውኑ ትምህርትሽ ሂጂና ለፋራህ የወባ ክኒን ስጪው፤ ሰውየው እንዲህ በሩን እየከፈተልኝ አዴር ፊት መሸነፍ ሊያቅተኝ ነው።"